ጉብኝቱ የማን ነው? ከላስ ቬጋስ እስከ ጣና ደሴቶች

በላስ ቬጋስ ጎህ ሳይቀድ በየሆቴሉ ደጃፍ ቫኖችና ጥቁር ሊሞዚኖች ይሰለፋሉ። ሌሊቱን በቁማር ያነጉት ወደ መኝታቸው ሲያዘግሙ፣ በረሃውንና ታላቁን ገደል ለማየት የተነሡት ይሳፈራሉ። ከመሪው ኋላ ከተቀመጡት መካከል አማርኛ ተናጋሪዎቹ ጥቂት አይደሉም፤ ታክሲና ሊሞዚን መንዳት በከተማዪቱ ለሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ከዋነኞቹ የእንጀራ መንገዶች አንዱ ከሆነ ሰንብቷል። የክላርክ ካውንቲ አስተዳደርም በ2023 (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ከስትሪፑ በስተምዕራብ ያለውን ሰፈር «ትንሿ ኢትዮጵያ» ብሎ ሰይሞታል።

የሌላውን አገር ተፈጥሮ ለሌላው የሚያስጎበኘው ይህ ማኅበረሰብ ለራሱ የሚመኘው ጉብኝት አለ። አሜሪካ የተወለዱ ልጆችን ይዞ ወደ ባሕር ዳር መሄድ፣ ለቤተሰቡ ብቻ ጀልባና አስጎብኚ መያዝ፣ ሦስት አራት ቀን በጣና ደሴቶች መካከል መክረም። በአማራ ክልል ከ2023 ክረምት ወዲህ የቀጠለው ጦርነት ይህን ምኞት ለብዙዎች በይደር አቆይቶታል። ባለ ጀልባውም፣ አስጎብኚውም፣ በዘጌ መንገድ ዳር ቡና የምታቀርበው እናትም እንጀራቸው የተንጠለጠለው በዚሁ ይደር ላይ ነው።

ሰላም ሲወርድ የመጀመሪያው ጎብኚ ከአውሮፓ የሚመጣው ቱሪስት ሳይሆን ዘመድ ጥየቃ የሚመለሰው ዲያስፖራ መሆኑ አይቀርም። ስለዚህ ያ ጉዞ በምን ሥርዓት እንደሚካሄድ መምከር የሚገባው ዛሬ ነው። ጥያቄው የጀልባው ምቾት ወይም የሆቴሉ ደረጃ አይደለም። የጎብኚውን ቁጥር፣ የገንዘቡን ድርሻና የማስጎብኘቱን ሥራ የሚወስነው ማን ነው? ይህን መብት የደሴቱና የዳርቻው ነዋሪ ካልያዘው፣ የብዙ ቀን የግል ጉብኝት መልክዓ ምድሩን በሌላው እጅ የሚሸጥ ንግድ ከመሆን አያልፍም።

በረሃው የሚያስተምረው

ላስ ቬጋስ በገንዘብ ብክነት የምትታወቅ ከተማ ብትሆንም፣ በዙሪያዋ ያለው መሬት የሚተዳደረው በጥብቅ ሕግ ነው። በ2004 የወጣው የፌዴራል ሕግ በብሔራዊ ፓርኮችና በመሰል የመንግሥት መሬቶች ከሚሰበሰበው የመዝናኛ ክፍያ በመደበኛነት ቢያንስ 80 በመቶው በተሰበሰበበት ቦታ እንዲቀር ያዛል። በ1998 የወጣው ሌላ ሕግ ደግሞ በላስ ቬጋስ ሸለቆ ያለ የፌዴራል መሬት ሲሸጥ ከገቢው 5 በመቶው ለኔቫዳ ትምህርት፣ 10 በመቶው ለደቡባዊ ኔቫዳ የውኃ ባለሥልጣን፣ ቀሪው 85 በመቶ ለጥበቃ፣ ለፓርክና ለመሰል ሥራዎች እንዲውል ደንግጓል። ከከተማዪቱ በስተምዕራብ ያለውን ሬድ ሮክ ካንየን በተወሰኑ ወራት በመኪና ለመጎብኘት ቀድሞ ሰዓት ማስያዝ ግድ ነው።

ከሁሉ ይልቅ የሚያስተምሩት ግን የሁለት ነባር ሕዝቦች ልምዶች ናቸው። ከላስ ቬጋስ 200 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ በሚገኘው የግራንድ ካንየን ምዕራባዊ ጫፍ የሁዋላፓይ ሕዝብ በ2007 ከገደሉ ጠርዝ አልፎ የተንጠለጠለ የመስታወት መተላለፊያ ከፈተ። የግንባታው ገንዘብ ከውጭ ባለሀብት የመጣ ነበር። በአስተዳደሩና በገቢው ጠብ ሲነሣ የጎሣው ምክር ቤት በ2012 የራሱን የመውረስ ሥልጣን ተጠቅሞ የአስተዳደር ውሉን ወሰደ፤ ጉዳዩም ለዓመታት በፍርድ ቤት ተጓተተ። ዛሬ ከቬጋስ የሚነሣ ሾፌር ተሳፋሪዎቹን ከመግቢያው ያደርሳል። ከዚያ ወዲያ ወደ ገደሉ አፋፍ የሚወስዳቸው የጎሣው አውቶቡስ ነው።

ሃቫሱፓዮች ከዚህም ርቀው ሄደዋል። ሱፓይ የተባለችው መንደራቸው በገደሉ ውስጥ ናት፤ የሚደረስባትም 13 ኪሎ ሜትር ያህል በእግር ተጉዞ፣ በጋማ ከብት አለዚያም በሄሊኮፕተር ነው። ግራንድ ካንየን በ1919 ብሔራዊ ፓርክ ሲሆን ይህ ሕዝብ ከቀድሞ ግዛቱ አብዛኛውን ተነጥቆ በጠባብ ቁራሽ መሬት ላይ ነበር፤ ከረጅም ሙግት በኋላ የአሜሪካ ምክር ቤት በ1975 ወደ 75,000 ሄክታር የሚጠጋ መሬት መለሰለት። በ2019 ደግሞ ጎሣው የውጭ አስጎብኚ ድርጅቶች ጎብኚ ይዘው እንዳይገቡ ከለከለ። ወደ ሰማያዊዎቹ ፏፏቴዎች በካምፕ ለማደር የሚሻ ሰው ከራሱ ከጎሣው ለሦስት ሌሊትና ለአራት ቀን ይመዘገባል። እነርሱ የመረጡት ጥቂት ሰው ብዙ ቀን የሚቆይበትን ሥርዓት ነው፤ ገንዘቡም በእነርሱ በኩል ያልፋል።

ዘጠነኛዋ ደሴት

ላስ ቬጋስ ሌላም ስም አላት። ከሃዋይ መጥተው የሰፈሩባት ሰዎች ስለበዙ የሃዋይ ተወላጆች «ዘጠነኛዋ ደሴት» ይሏታል። ብዙዎቹን ያፈለሳቸው የኑሮ ውድነት ነው። ቱሪስት ያጨናነቃቸው የስምንቱ ደሴቶች ልጆች ሌላ የቱሪስት ከተማ ውስጥ መስፈራቸው፣ የጉብኝት ገቢ ለተጎበኘው አገር ነዋሪ በራሱ ጊዜ እንደማይደርስ ምስክር ነው።

ሃዋይም ከዚህ ተምራለች። በካዋይ ደሴት ሰሜናዊ ጫፍ የሚገኘው የሃኤና ፓርክ በሚያዝያ 2018 በደረሰው ጎርፍ ከአንድ ዓመት በላይ ተዘጋ። በሰኔ 2019 ሲከፈት የቀን ጎብኚው በ900 ተወሰነ፤ ይህም ቀድሞ ከሚገባው በእጅጉ ያነሰ ነው። ከውጭ የመጣ ጎብኚ ቀድሞ ይመዘገባል፣ ይከፍላልም፤ የሃዋይ ነዋሪ ያለ ክፍያ ይገባል። የመኪና ማቆሚያውንና የአውቶቡሱን ሥራ የአካባቢው ማኅበረሰብ ድርጅቶች ያዙት። ፓርኩ አዲሱን ሥርዓት ያበጀው ተዘግቶ በቆየበት ጊዜ ነበር። ጎብኚ በራቀበት በዚህ ወቅት ስለ ጣና ለሚያስብ ሰው ትልቁ ትምህርት ይህ ነው።

ደኑን የጠበቀው ሥርዓት

ጣና 3,000 ስኩዌር ኪሎ ሜትር ያህል ስፋት ያለው፣ የዐባይ መነሻ የሆነ ሐይቅ ነው። በ2015 በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ስፍራነት ተመዝግቧል። በዓለም ላይ በሌላ ስፍራ የማይገኙ የዓሣ ዝርያዎች አሉት። ከባሕር ዳር ተነሥቶ ሰዓታት በሚፈጅ የጀልባ ጉዞ ደቅ ደሴትና በእቴጌ ምንትዋብ የታነጸችው ናርጋ ሥላሴ ይደረሳሉ። አጠገቧ የነገሥታት አፅም ያረፈበት ደጋ እስጢፋኖስ አለ፤ በስተምሥራቅ ጣና ቂርቆስ፣ በስተሰሜን ጎርጎራ ይገኛሉ። በችኮላ የመጣ ጎብኚ ግን በግማሽ ቀን ዘጌን ረግጦ ይመለሳል፤ ሐይቁን በእውነት ማየት ቀናት ይጠይቃል።

በዚህ ጉዞ ላይ «የተፈጥሮ ውበት» የሚባለው አብዛኛው ነገር የሰው ሥርዓት የጠበቀው ነው። የዘጌ የቡና ደን ዙሪያው ሲመነጠር የተረፈው፣ ማረስንና ከብት ማርባትን የሚከለክል ገዳማዊ ሥርዓት ለዘመናት ስለተከበረበት ነው። በደጋ እስጢፋኖስና በክብራን ገብርኤል ሴቶች አይገቡም፤ ከአሜሪካ የመጣች እናት ከልጇ ጋር በወደቡ ቆይታ አባትና ወንድም ሲወጡ ታያለች። ይህን ለአሥራ አምስት ዓመት ልጅ ማስረዳት የሚችለው በሥርዓቱ ያደገ ሰው ነው። የሥራውን ማዕረግ የሚያሳየውም ይኸው ነው፤ የደሴት አስጎብኚ ከቦታው ስም በላይ ቦታውን ያቆየውን ሕግ ማወቅ አለበት።

የገንዘቡ መንገድ ግን ከዚህ ጋር አይሄድም። የጉዞው ዋጋ የሚቆረጠው አዲስ አበባ ወይም ባሕር ዳር ነው። አድባራቱ በየደጃቸው የመግቢያ ክፍያ ይቀበላሉ። ደኑን ሳያርስ የኖረው የዘጌ ገበሬና በደቅ የሚኖረው ቤተሰብ ድርሻቸው ጎብኚው በመንገድ ከሚገዛው ቡናና ቅርጻ ቅርጽ እምብዛም አያልፍም። የደንገል ታንኳ የጣና ምልክት ሆኖ በፎቶግራፍ ሁሉ ይታያል፤ በታንኳ ሥራ የታወቁት የነገደ ወይጦ ቤተሰቦች ግን በባሕር ዳር ዳርቻ በድህነትና በመገለል ከሚኖሩት መካከል ናቸው።

ድምፅ ማጣት ምን እንደሚያስከትል ጢስ ዐባይ አሳይቷል። በ2001 ሁለተኛው የኃይል ማመንጫ ሥራ ሲጀምር አብዛኛው ውኃ ወደ ተርባይኑ ዞረ፤ «የሚጨሰው ውኃ» ለረጅም ጊዜ ቀጥኖ ቆየ። አገሪቱ መብራት ያስፈልጋት ነበር፤ ይህ አይካድም። ሆኖም በፏፏቴው እንጀራ የሚበሉት የመንደሩ ሰዎች በውኃው ላይ ድርሻ እንዳላቸው የሚያስረዳ ውልም ሆነ ሒሳብ አልነበራቸውም። በ2011 በሐይቁ ላይ መታየቱ የተመዘገበው እምቦጭም እንዲሁ ነው። በዘመቻ ገንዘብና ጉልበት ወጥቶበታል፤ ከጎብኚው ክፍያ ላይ ለሐይቁ ጥበቃ ተለይቶ የሚታወቅ ቋሚ ድርሻ ቢኖር ግን ሥራው ከዘመቻ ወደ ዘላቂ እንክብካቤ ሊሸጋገር በቻለ ነበር።

ሦስት ተቃውሞዎች

የመጀመሪያው ተቃውሞ፣ ሰው እየሞተ ስለ ጉብኝት ማውራት ቅንጦት ነው የሚል ነው። ክብደት አለው፤ ወደ አካባቢው ዛሬ ሂዱ ማለትም አይገባም። ነገር ግን ከጦርነት በኋላ ያለ ሥርዓት የሚመጣ ገንዘብ ቀድሞ የሚደርሰው ጉልበትና መሬት ላለው ነው። በ«ገበታ ለሀገር» የተገነባው የጎርጎራ ማረፊያ በሰሜን ዳርቻ ቆሟል፤ ሌሎችም መከተላቸው አይቀርም። ማረፊያ መሠራቱ ክፋት የለውም። ክፋቱ ደንቡ ከሕንፃው በኋላ ሲመጣ ነው።

ሁለተኛው፣ ሥራውን ለአካባቢው ሰው ብቻ መስጠት ዋጋ ያንራል፣ አገልግሎት ያዝላል የሚለው ነው። በተራ የሚሠሩ የአካባቢ ማኅበራት አንዳንዴ ታታሪውንና ሰነፉን እኩል እንደሚያደርጉ የታወቀ ነው። በ2021 የተባበሩት መንግሥታት የቱሪዝም ድርጅት ከምርጥ የቱሪዝም መንደሮች አንዷ ያደረጋት ወንጪ ግን ፈረሱም፣ ጀልባውም፣ አስጎብኚውም ከሐይቁ ዙሪያ ከሚኖረው ሕዝብ የወጣ ሥራ ተደርጎ ሊደራጅ እንደሚችል አሳይታለች። መድኃኒቱ ክፍት የብቃት ፈተና፣ የታወቀ ዋጋና ለጎብኚው ቅሬታ መልስ የሚሰጥ አካል ነው። «የአካባቢው ሰው» ሲባልም ነገደ ወይጦ ከውጭ እንዳይቀሩ መጠንቀቅ ያሻል፤ አለዚያ አዲሱ ማኅበር የአሮጌው መገለል ማኅተም ይሆናል።

ሦስተኛው፣ ክፍያና የቁጥር ገደብ ምእመኑን ከገዳማቱ ይገፋል የሚል ስጋት ነው። መልሱን ሃኤና ሰጥታለች፤ ነዋሪና ባዕድ በአንድ ሚዛን አይለኩም። ተሳላሚና የአካባቢው ሰው ያለ ክፍያ ይገባል። በዶላር የሚከፍለው የዲያስፖራ ቤተሰብ ግን በደም ኢትዮጵያዊ ነኝ ብሎ ከዚህ ግዴታ መውጣት የለበትም። አቅም ያለው እርሱ ነው፤ ዕዳውም የእርሱ ነው።

ከመሳፈር በፊት

የሚያስፈልገው ግዙፍ ተቋም አይደለም። ክልሉ፣ ገዳማቱና የጀልባ ማኅበራቱ በአንድ የደሴቶች ክፍያ ሊስማሙ ይችላሉ፤ አብዛኛው በተከፈለበት ደሴትና ዳርቻ ይቀራል፣ ሒሳቡም በየዓመቱ በአደባባይ ይለጠፋል። በደሴቶቹ ላይ ለሚያድር እያንዳንዱ የግል ጉዞ ቢያንስ አንድ የደሴቱ ወይም የዘጌ ልጅ አስጎብኚ እንዲሆን ይደነገጋል። የቀን ጎብኚ ቁጥር ገዳማቱ በፈቀዱት ልክ ይወሰናል። የእያንዳንዱ ጉዞ ደረሰኝም ለጀልባው፣ ለአስጎብኚው፣ ለደሴቱና ለሐይቁ ጥበቃ የተከፈለውን ለይቶ ያሳያል።

በዚህ ውስጥ የዲያስፖራው ድርሻ የምክር ብቻ አይደለም። የላስ ቬጋስ ሾፌሮች የንግድ ፈቃድ፣ መድን፣ የተሽከርካሪ ምርመራና የተሳፋሪ ደኅንነት ምን እንደሚጠይቅ በየቀኑ የሚኖሩት ነገር ነው። የሕይወት አድን ጃኬት የሌለው ጀልባ ለምን መነሣት እንደሌለበት ለባሕር ዳር ባለ ጀልባ በአማርኛ የሚያስረዱት እነርሱ ናቸው። የመግዛት ኃይሉም በእጃቸው ነው፤ አንድ የዕድር አባላት እንኳ ተማምነው «ደረሰኙን የማይለይ ድርጅት ጋር አንሄድም» ቢሉ፣ ከብዙ የፖሊሲ ሰነድ ቀድሞ ገበያውን ያርሙታል።

ያ ሾፌር በሁዋላፓይ መግቢያ መኪናውን አቁሞ ተሳፋሪዎቹን ለጎሣው አውቶቡስ ሲያስረክብ፣ የቀረውን መንገድ የመንዳት መብት የባለ አገሩ መሆኑን አምኖ ይጠብቃል። ነገ በባሕር ዳር ወደብ ተሳፋሪ እርሱ ራሱ ይሆናል። ያን ጊዜ ልጆቹን ጀልባው ላይ ከማውጣቱ በፊት ሊጠይቅ የሚገባው፣ ከሚከፍለው ገንዘብ ለደሴቱ የሚደርሰው ስንት እንደሆነ ነው።