ለገና ዱላ ሰፈርና ደንብ
የገና ጨዋታ፣ ታኅሣሥ 29 ቀን በልደት በዓል፣ ጫፉ በተቆለመመ ዱላ ሩርን፣ ማለትም ከእንጨት ወይም ከቆዳ የምትሠራውን ኳስ፣ እየመቱ ወደ ተጋጣሚ ወሰን ለማሳለፍ የሚደረግ ፍልሚያ ነው። በጥንቱ ልማድ የተጫዋቹ ቁጥርም ሆነ የሜዳው ስፋት ገደብ ስላልነበረው ቅልጥም ይሰበር፣ ግንባርም ይፈነከት ነበር፤ ያም ሆኖ አበጋዝ በሚባል መሪ ሥር በየመንደሩ ተከፍሎ የሚጋጠመው ሕዝብ የዕለቱን ምት በቂም አይቆጥረውም፤ ሎሌ ጌታውን ቢመታም ጌታው አይቆጣም ነበር። ይህ ለአንድ ቀን ማዕረግን የሚያስረሳ እኩልነት ከጨዋታው ሁሉ የከበረው ክፍል ነው።

ዛሬ በባህል ስፖርት ውድድሮች ገና በተወሰነ ሜዳና በዳኛ ፊት ይካሄዳል። ደንቡ መልካም ነው፤ የጎደለው የሰፈር ፉክክር ነው። የጣሊያኗ ፍሎረንስ ሁለቱንም አጣምራ ይዛለች። ከህዳሴው ዘመን በወረሰችው «ካልቾ ስቶሪኮ»፣ ማለትም «ታሪካዊ ኳስ»፣ የከተማዋ አራት ሰፈሮች እያንዳንዳቸው 27 ተጫዋች አሰልፈው፣ በሳንታ ክሮቼ አደባባይ በተነጠፈ አሸዋ ላይ ለ50 ደቂቃ በቡጢና በትግል ጭምር ይፋለማሉ፤ የአሸናፊው ሽልማትም በልማድ ጥጃ ነበር። የከተማዋ ባላባት ጆቫኒ ዴ ባርዲ ደንቡን እ.ኤ.አ. በ1580 በጽሑፍ አሳትሟል፤ ለረጅም ጊዜ ተቋርጦ የነበረው ጨዋታም እ.ኤ.አ. በ1930 ታድሷል። እ.ኤ.አ. በ2006 ግጥሚያው ወደ ለየለት ድብድብ በተለወጠ ጊዜ የቀጣዩ ዓመት ውድድር ቢሰረዝም፣ ከተማዋ ጨዋታውን እርግፍ አድርጋ አልተወችውም፤ ደንቡን አጥብቃ መለሰችው።

ለገና የቅርብ ዘመድ የሆነው ሆኪም በናይሮቢ የጸናው ደጋፊ ማኅበረሰብ ስላገኘ ነው። እንደ ሲክ ዩኒየን ያሉ፣ የሕንድ ተወላጆች ያቋቋሟቸው ክለቦች ልጆቻቸውን እያሠለጠኑ ያሳደጉት ጨዋታ፣ ኬንያን እ.ኤ.አ. በ1964 በቶኪዮ ኦሊምፒክ 6ኛ፣ እ.ኤ.አ. በ1971 በባርሴሎናው የመጀመሪያ የዓለም ዋንጫ ደግሞ 4ኛ አድርጓታል። ከዓመት እስከ ዓመት የሚጠብቀው ክለብ የሌለው ጨዋታ እዚህ አይደርስም።

በናይሮቢ የሚኖሩ ኢትዮጵያውያንም ለልደት የከተማዋን የኢስሊና የሐርሊንግሃም ሰፈሮች ወጣቶች ከየአበጋዛቸው ጋር ቢያጋጥሙ፣ የእግር መከላከያ ቢያለብሷቸውና ዱላ ከጉልበት በላይ እንዳይነሣ ቢደነግጉ፣ በስደት የተወለደው ልጅ የበዓሉን ደስታ በገዛ እጁ ይዞ ያውቀዋል።