ወሩን ሳይሆን ድምሩን ጠይቁ

ይድረስ በሚዛን ተፈሪና በአማን፣ በቴፒና በማሻ፣ በሸኮና በቦንጋ ለምትኖሩ ወገኖቼ፤

ዘንድሮ ከአገር ቤት ወደ እኛ ወደ ሜሪላንድ በሚደወል ስልክ ሁሉ አንድ ወሬ አይጠፋም። ቤት ለመግዛት ወይም የተጀመረውን ለመጨረስ ከባንክ ብድር ተጠይቋል፤ «በወር ይህን ያህል ነው፤ ይቻላል» ይባላል። «ሲደመርስ ስንት ይመጣል?» ስል ግን ወሬው ወደ ሌላ ይዞራል። ይህን ደብዳቤ የምጽፈው ስለዚያ ድምር ነው።

ቤት መፈለጋችሁ አይገርመኝም። ሚዛን ቴፒ ዩኒቨርሲቲ በ1999 ከተቋቋመ ወዲህ መምህሩም ተማሪውም ቤት ይፈልጋል። በ2014 የደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ሕዝቦች ክልል ሲመሠረት ደግሞ ቦንጋ፣ ሚዛን አማን፣ ቴፒና ተርጫ የክልሉን መሥሪያ ቤቶች ተካፈሉ። ሠራተኛ በመጣ ቁጥር ኪራይ ይጨምራል፤ ኪራይ በጨመረ ቁጥር የራሱን ጣሪያ የማይመኝ የለም።

የቤት ብድርም ለአገራችን አዲስ ነገር አይደለም። የቤቶችና ቁጠባ ባንክ የተቋቋመው በ1968፣ ትርፍ ቤት በተወረሰ በጥቂት ወራት ውስጥ ነበር። ኋላ የኮንስትራክሽንና ቢዝነስ ባንክ ተባለ፤ በ2008 ከኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ጋር ተዋሐደ። ለቤት ብድር ተብሎ የተቋቋመው የመጀመሪያው የግል ባንክ፣ ጎህ ቤቶች ባንክ፣ ሥራ የጀመረው በ2014 ነው። አበዳሪው እየበዛ ነው፤ ደስ ይላል። ተበዳሪው ስሌቱን ካልያዘ ግን የአበዳሪ መብዛት ብቻውን አይጠቅመውም።

ወደ ቁጥሩ እንግባ። 2 ሚሊዮን ብር ተበደራችሁ እንበል፤ ወለዱ በዓመት 16 በመቶ፣ የመክፈያ ጊዜው 20 ዓመት። ወለድ ከባንክ ባንክ ይለያያል፤ ይህን የያዝኩት ለስሌት ነው። በየወሩ እኩል የሚከፈለው 27,825 ብር ይሆናል። በ240 ወር ሲባዛ 6,678,000 ብር ይመጣል። ከዚህ ውስጥ 4,678,000 ብሩ ወለድ ነው። አንድ ቤት ገዝታችሁ የሦስት ቤት ዋጋና ከዚያም በላይ ከፈላችሁ ማለት ነው።

ከድምሩ ይበልጥ የሚያስደነግጠው ግን አከፋፈሉ ነው። የመጀመሪያው ወር ወለድ ብቻውን 26,667 ብር ነው። ስለዚህ ከምትከፍሉት 27,825 ብር ውስጥ ከዋናው ብድር ላይ የሚቀነሰው 1,158 ብር ብቻ ነው። አምስት ዓመት አንድም ወር ሳታጓድሉ ብትከፍሉ ከኪሳችሁ 1,669,500 ብር ወጥቷል፤ ቀሪ ዕዳችሁ ግን ገና 1,894,500 ብር አካባቢ ነው። የዋናው ብድር እኩሌታ የሚያልቀው 16ኛው ዓመት ሊገባደድ ሲል ነው። ባንኩ አላጭበረበረም። ወለድ የሚሰላው በቀሪው ዕዳ ላይ ስለሆነ፣ ዕዳው ትልቅ በሆነበት ጊዜ ወለዱም ትልቅ ነው፤ ክፍያውን ወለዱ ከበላው ደግሞ ዕዳው አይቀንስም።

ይህን ነገር የቡና አገር ሰው ከባንክ በፊት ያውቀዋል። ወለድ አገድ ነው። የቸገረው ሰው ማሳውን ለአበዳሪው ያስረክባል፤ አበዳሪው ገንዘቡ እስኪመለስለት ድረስ በወለድ ፈንታ ምርቱን ይለቅማል። አሥር ዓመት ቢለቅምም ከዋናው ገንዘብ ላይ ሰባራ ሳንቲም አይቀነስም። የረጅም ጊዜ የቤት ብድር የመጀመሪያ ዓመታትም ከዚህ ብዙ አይርቁም፤ ልዩነቱ ለቃሚው ባንክ፣ ማሳው ደግሞ ደመወዛችሁ ወይም የሱቃችሁ ገቢ መሆኑ ነው። ወለድ አገድ የያዘውን ማሳ ቶሎ ማስለቀቅ ብልህነት እንደሆነ አባቶቻችን ያውቁ ነበር። የባንክ ብድርም እንዲያው ነው።

እንዴት ቶሎ ይለቀቃል? አንደኛው መንገድ ዘመኑን ማሳጠር ነው። ያንኑ 2 ሚሊዮን ብር በ10 ዓመት ለመክፈል ብትዋዋሉ ወርሃዊው 33,503 ብር ይሆናል። በወር የተጨመረው 5,678 ብር ነው። ድምሩ ግን ወደ 4,020,000 ብር ይወርዳል፤ 2,658,000 ብር ገደማ ከወለድ ይተርፋል። «ወርሃዊው ይቀልላችኋል» እየተባለ ዘመኑ ሲረዝም፣ ቀለለ የተባለው ነገር ወደ ኋላ ተገፋ እንጂ አልቀረም።

ሁለተኛው መንገድ ለእናንተ አገር ይበልጥ ይስማማል። ቡና በወር አይከፍልም። ከመስከረም ጀምሮ እሸቱ ይለቀማል፣ ጀንፈሉ ይደርቃል፣ እስከ ጥር ድረስ እጅ ላይ ገንዘብ አለ። ሰኔና ሐምሌ ላይ ግን ኪስ ይደርቃል። የባንኩ ሰሌዳ ይህን አያውቅም፤ ሐምሌንም ኅዳርንም እኩል ይጠይቃል። የሐምሌን ክፍያ ለመሙላት ገና በዛፉ ላይ ያለ ቡናውን ለነጋዴ በረከሰ ዋጋ አስቀድሞ የሚሸጥ አለ፤ ከአራጣ አበዳሪ ደጅ የሚጠናም አለ። በርካሽ የሄደው ቡናና የአራጣው ወለድ በባንኩ ወረቀት ላይ አይጻፉም እንጂ ሁለቱም የቤቱ ዋጋ ናቸው።

ስለዚህ ገቢያችሁ ከቡና ከሆነ ወርሃዊውን በክረምት አቅማችሁ ለኩት፤ የለቀማውን ገንዘብ ደግሞ በተጨማሪነት ወደ ዋናው ብድር አስገቡት። በዚያው የ20 ዓመት ብድር ላይ ከወርሃዊው ሌላ በየዓመቱ ከለቀማ በኋላ 60,000 ብር ብትጨምሩ፣ ዕዳው በ20 ዓመት ፈንታ በ11 ዓመት ያልቃል። በጠቅላላው የምትከፍሉትም በ2.4 ሚሊዮን ብር ገደማ ያንሳል። ሳይደርቅ በእርጥቡ፣ ሳይርቅ በቅርቡ የሚባለው እዚህ ላይ ነው፤ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የተጨመረ ብር በመጨረሻዎቹ ዓመታት ከተጨመረው እጅግ ይበልጣል። የአከፋፈሉ ወቅት ከለቀማው ጋር እንዲገጥም መጠየቅም ነውር የለበትም፤ የገጠር ብድር ከምርት በኋላ የሚመለስበት አሠራር እንግዳ አይደለም።

የቡና ነገር ሌላም ጥንቃቄ ይፈልጋል። ዛፉ አንድ ዓመት አፍርቶ በሌላው ያርፋል። ዋጋውም አይታመንም። በዓለም ገበያ አንድ ፓውንድ አረቢካ በፈረንጆቹ 2001 ከ50 የአሜሪካ ሳንቲም በታች ወርዶ ነበር። በ2011 ወደ 3 ዶላር ወጣ፣ በ2019 ከ1 ዶላር በታች ተመለሰ፣ በ2025 መጀመሪያ ከ4 ዶላር አለፈ። የ20 ዓመት ብድር የገባ ሰው ይህን መውጣትና መውረድ ከነቤቱ ያልፍበታል። በደጉ ዓመት ዋጋ የ20 ዓመት ውል አትፈርሙ።

እዚህ ላይ ለብድርም ልሟገት። በኢትዮጵያ የዋጋ ንረት በ2014 ከ30 በመቶ በላይ ነበር። ያኔ በ16 በመቶ የተበደረ ሰው በእውነተኛው ሂሳብ ከሳሪ አልነበረም፤ የብር አቅም ሲወርድ የዕዳው ክብደትም አብሮ ይወርዳል። የብር የውጭ ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገበት ከሐምሌ 22 ቀን 2016 ወዲህ የሲሚንቶና የብረት ዋጋ ምን እንደሆነ ከእኔ ይልቅ እናንተ ታውቃላችሁ። ገንዘብ ተጠራቅሞ እስኪሞላ የጠበቀ ሰው ግድግዳው እየራቀው ሄዷል። ብድር እንግዲህ ክፉ አይደለም። ነገር ግን ንረቱ ዕዳውን የሚያቀልለው ገቢው አብሮ ለሚያድግለት ሰው ነው። ደመወዙ ለዓመታት ባለበት ለቆመ መምህር ወይም ነርስ ንረቱ የሚበላው መጀመሪያ ወርሃዊ ክፍያው የሚወጣበትን ትራፊ ነው። ውሉ ውስጥ ባንኩ ወለዱን ማሻሻል እንደሚችል የሚል አንቀጽ ካለ ደግሞ ዛሬ 16 ያላችሁት ነገ 18 ሊሆን ይችላል።

መያዣውንም አጥብቃችሁ አስቡበት። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንክ በውሉ ላይ ከተስማማችሁ ፍርድ ቤት ሳይሄድ የተያዘውን ንብረት በሐራጅ መሸጥ ይችላል፤ የሚጠበቅበት ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ነው። ያ ፊርማ በአንድ ደቂቃ ከምትፈርሟቸው ወረቀቶች መሐል አንዱ ነው። የከተማ ቦታውም በሊዝ የተያዘ ከሆነ የሊዙ ቀሪ ክፍያ ከባንኩ ክፍያ ጎን ለጎን ይሄዳል፤ ሁለቱን በአንድ ወረቀት ላይ ደምሯቸው። በ2016 የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ በመሬት የመጠቀም መብትን ለብድር ማስያዝ ፈቅዷል። ለሥራ ከሆነ መልካም ነው። ለከተማ ቤት ሲባል ግን ቤተሰቡ የሚበላበትን የቡና ማሳ ማስያዝ፣ ጣሪያ ለማቆም ምሰሶውን እንደ መንቀል ነው።

አሜሪካ የሚኖር ሰው ብድር ያውቃል ብላችሁ አታስቡ፤ እዚህም ብዙዎች ወርሃዊውን ብቻ አይተው ይፈርማሉ። በፈረንጆቹ 2008 ዙሪያ በነበሩት ዓመታት ቤታቸውን ለባንክ ካስረከቡት ሚሊዮኖች መካከል ሐበሾችም ነበሩ፤ አንዳንዶቹን የጣላቸው ከጥቂት ዓመት በኋላ ከፍ የሚል ወለድ ነበር። አንድ ነገር ግን ከዚህ አገር ብትወስዱ እወዳለሁ። ከፈረንጆቹ 1968 ጀምሮ አበዳሪ የብድሩን እውነተኛ ዋጋ እንዲገልጽ የሚያስገድድ ሕግ አለ። ከፈረንጆቹ 2015 ወዲህ ደግሞ ቤት ገዢ ከመፈረሙ ቢያንስ ከሦስት የሥራ ቀን በፊት አምስት ገጽ ያለው ቅጽ ይሰጠዋል። በመጨረሻው ገጽ ላይ ብድሩ እስኪያልቅ የሚከፈለው ጠቅላላ ድምር በአንድ ሳጥን ውስጥ ተጽፎ ይገኛል። 400,000 ዶላር በ7 በመቶ ለ30 ዓመት ቢወሰድ፣ በዚያ ሳጥን ውስጥ 958,000 ዶላር ገደማ ተጽፎ ይታያል። ሰው አይቶ ይደነግጣል፣ ቢደነግጥም ይፈርማል፤ ግን አውቆ ነው የሚፈርመው።

እናንተም ከመፈረማችሁ በፊት ያንን ሳጥን ጠይቁ። የክፍያ ሰንጠረዡ ከመጀመሪያው ወር እስከ መጨረሻው ታትሞ ይሰጣችሁ፤ ወለዱና ዋናው ብድር ለየብቻ ይታዩበት። ወለዱ ቋሚ ነው ወይስ ይለዋወጣል? አንድ ወር ቢዘገይ ቅጣቱ ስንት ነው? ከጊዜው በፊት ብንከፍል የሚጠየቅ ክፍያ አለ? ተጨማሪ ስናስገባ በቀጥታ ከዋናው ብድር ላይ ይቀነሳል ወይስ ለሚቀጥለው ወር ይያዛል? የግምት፣ የኢንሹራንስና የምዝገባ ወጪው ማን ላይ ነው? መልሱን በቃል ሳይሆን በጽሑፍ ተቀበሉ። ተጨማሪ በከፈላችሁ ቁጥርም ቀሪ ዕዳው የተጻፈበት ደረሰኝ ያዙ። የብድር ባለሙያው ቢቸኩል እናንተ አትቸኩሉ፤ ይህን መጠየቅ ባንክ መክሰስ አይደለም።

ስለ እኛ ስለ ውጭዎቹም የማልሸሽገው ነገር አለ። ብዙ ጊዜ ወርሃዊው «ይቻላል» የሚባለው ከዚህ የሚላከው ዶላር ታስቦ ነው። ውሉ ላይ የሚፈርመው ግን እዚያ ያለው ወንድም ወይም እህት ነው፤ ሐራጁም የሚወጣው በእነሱ ስም ነው። እዚህ ሥራ በአንድ ኢሜይል ይቋረጣል፣ ሕመም ይመጣል፣ የራሳችን የቤት ዕዳም አለብን። ስለዚህ ከውጭ የሚላክን ገንዘብ እንደ ደመወዝ አትቁጠሩት። ያለ እኛ ልትከፍሉ የምትችሉትን ያህል ብቻ ተበደሩ፤ እኛ የምንልከው ዋናውን ብድር ለመቀነስ ይሁን። ውጭ ላላችሁ ወንድሞቼም የምለው ይኸው ነው። በየወሩ ለወለድ ከሚበተን 200 ዶላር ይልቅ፣ ከቻላችሁ መጀመሪያ ላይ የሚበደሩትን መጠን ራሱን አሳንሱላቸው።

አንድ ልመና አለኝ፤ ለሚዛን ቴፒ ዩኒቨርሲቲ የአካውንቲንግና የኢኮኖሚክስ መምህራን። በሳምንት አንድ ከሰዓት ተማሪዎቻችሁን በአማንና በቴፒ አስቀምጡልን፤ ብድር ሊፈርም የመጣ ሰው ውሉን ይዞ ይምጣ፣ እነሱ ድምሩን ያስሉለት። ለተማሪው የተግባር ትምህርት ነው፤ ለተበዳሪው ደግሞ የግማሽ ሰዓት ሥራ የብዙ ዓመት ወለድ ሊያድንለት ይችላል። እስከዚያው ድረስ ሰንጠረዡን ፎቶ አንስታችሁ በቴሌግራም ላኩልኝ፤ በዚያው ቀን አስልቼ እመልሳለሁ።

በፍቅርና በአክብሮት፣
የሚዛን ልጅ፣ ከሜሪላንድ