እጅ እስኪለቀቅ?

ወገኖቼ፣ በ1988 ዓ.ም. የወጣውን የህንድ ፊልም «ዲልዋሌ ዱልሃኒያ ሌ ጃዬንጌ»ን የጨዋ ፍቅር እያላችሁ ታሞግሱታላችሁ። ኧረ ተዉ! ሲምራንን አባቷ ለወዳጁ ልጅ አጫት። ምኞቷን ለግዴታ ስትሠዋ የኖረችው እናቷ ግን ጌጧን አውጥታ ከራጅ ጋር ጥፉ አለች። ራጅ እምቢ አለ፤ አባት ካልፈቀደ! ታዲያ የእናት ፈቃድ ፈቃድ አይደለም? የሲምራንስ?

መጨረሻ ላይ አባት እጇን ለቀቀ፤ ወደ ባቡሩ ሮጠች፤ እናንተም አለቀሳችሁ። ባይለቃትስ ኖሮ?

የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 34 ጋብቻ በተጋቢዎቹ ነፃና ሙሉ ፈቃድ ብቻ ይመሥረት ይላል እንጂ በአባት ችሮታ አይልም። ወላጅ ይከበር! ትዳር ግን የተጋቢው ነው። በሮቤም በጎባም እጇ እስኪለቀቅ የምትጠብቅ እህት አትኑር። ዌብ ወንዝ ሶፍ ዑመርን ሰንጥቆ ያለፈው ዓለቱ እስኪፈቅድለት ጠብቆ አይደለም!