የሚመለስና የማይመለስ

ከመካነ ሰላም እስከ መቅደላ ያለው ደጋ በየዓመቱ ትንሣኤን ስናከብር አንድ የፋሲካ ሰሞን ያሳስበናል። በ1860 ዓ.ም. በጸሎተ ሐሙስ ዐፄ ቴዎድሮስ በቁጣ ፈተና ወድቀው በመቅደላ፣ በእስላምጌ ገደል፣ በመቶ የሚቆጠሩ እስረኞችን አስወረወሩ፤ በፋሲካ ማግስትም የራሳቸውን ሕይወት አጠፉ። ድል ያደረገው የእንግሊዝ ጦር ደግሞ በስስት ፈተና ወድቆ የመድኃኔ ዓለምን ቤተ ክርስቲያን ዘረፈ።

ከመቅደላ ከተወሰዱት ታቦታት አንዱ በ1994 ዓ.ም. ከኤዲንብራ ተመልሶ ሕዝበ ክርስቲያኑ በእልልታ ተቀብሎታል። ከመቶ ሠላሳ ዓመታት በኋላም ቢሆን የተዘረፈ ይመለሳል፤ ገደል የተጣለ ነፍስ ግን አይመለስም።

እንግዲህ በወሰንም ሆነ በውርስ የተጣላን ሁሉ የወሰድነውን እንመልስ፤ ቁጣችንንም የማይመለስ ነገር ሳያደርስ በፊት እንግታ። ንስሐችን ሙሉ የሚሆነው በዚህ ነውና።

መልካም የትንሣኤ በዓል!