በቃል የተዘጋ መዝገብ

ከጢስ ዓባይ ባሕር ዳር 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። በሬው የተሰረቀበት ወይም ልጁ የተደበደበበት ሰው ይህን መንገድ ደጋግሞ ተመላልሶ «ገና በምርመራ ላይ ነው» ከመባል በቀር ሌላ መልስ ላያገኝ ይችላል። ሲሰለቸው ወይ ይተወዋል፣ ወይ ሽማግሌ ይይዛል።

ሕጉ ግን ተበዳይን ባዶ እጁን አልሰደደውም። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 22 ፖሊስ የቀረበለትን ክስ ቢጠራጠረው እንኳ እንዲመረምር ያዛል። ቁጥር 37 ደግሞ ምርመራው ያለ አላስፈላጊ መዘግየት እንዲያልቅ ይጠይቃል። መዝገቡ የደረሰው ዐቃቤ ሕግ ይከሳል፣ ተጨማሪ ምርመራ እንዲደረግ ለፖሊስ ይመልሳል፣ ወይም አልከስም ይላል። እንግዲህ ምስክሬ ሳይጠየቅ ቀረ የሚል ተበዳይ የምስክሩን ስም በጽሑፍ ለዐቃቤ ሕጉ ማቅረብ ይችላል ማለት ነው።

ዐቃቤ ሕጉ «ማስረጃው አይበቃም» ካለ ምክንያቱን በጽሑፍ መስጠት አለበት። እንደ ስድብ ባለ በግል አቤቱታ ብቻ በሚያስቀጣ ወንጀል፣ ተበዳዩ ራሱ ክሱን እንዲያካሂድ ፈቃድ ይሰጠዋል። በሌሎቹ ወንጀሎች ደግሞ ቁጥር 44 ውሳኔው በደረሰው በ30 ቀን ውስጥ «ዐቃቤ ሕግ ይክሰስልኝ» ብሎ ለፍርድ ቤት እንዲያመለክት ይፈቅድለታል።

ችግሩ ያለው «ውሳኔው በደረሰው» የሚለው ላይ ነው። መዝገቡ በቃል ከተዘጋ 30 ቀኑ ከመቼ ይቆጠራል? ፖሊስ ዝም ካለና መዝገቡን ወደ ዐቃቤ ሕግ ካልላከውስ? ተበዳዩ በእጁ የሚይዘው ወረቀት ስለሌለው የሚከራከርበት ውሳኔም የለውም።

ጉዳዩ ፍርድ ሲያገኝም የተበዳይ ድርሻ ጠባብ ነው። በ2015 ዓ.ም. ክረምት ባሕር ዳር ውስጥ የ7 ዓመት ሕፃን ተደፍራ ተገደለች። ወንጀለኛው 25 ዓመት እንደተፈረደበት በ2016 ዓ.ም. ነሐሴ በስፋት ሲሰማ አገር ተቆጣ፤ ቅጣቱን የሚቃወም የበይነ መረብ አቤቱታ ከ200 ሺህ በላይ ፊርማ አገኘ። እናቲቱ ግን በሕጉ መሠረት ቅጣቱ አንሷል ብላ ይግባኝ ማለት አትችልም። ይህ በቁጥር 185 ለዐቃቤ ሕግ የተሰጠ ሥልጣን ነው። ለተበዳይ ወገን የተተወለት በቁጥር 154 ካሳ መጠየቅ ነው። የሕዝብ ጩኸት ደግሞ የሚደርሰው ለታወቀ ጉዳይ እንጂ ለጢስ ዓባዩ ገበሬ በሬ አይደለም።

በእንግሊዝና ዌልስ ከ2013 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ተበዳይ ያለመክሰስ ውሳኔ እንደገና እንዲታይለት የሚጠይቅበት ሥርዓት አለ። የእኛ ቁጥር 44 የተጻፈው ከዚያ ግማሽ ምዕተ ዓመት ቀድሞ ነው። እኛ የጎደለን ከሕጉ ይልቅ ውሳኔን ጽፎ የመስጠት ልማድ ነው።

የአማራ ክልል ፍትሕ ቢሮና ፖሊስ ይህን ለማስተካከል አዲስ አዋጅ መጠበቅ አያስፈልጋቸውም። ለእያንዳንዱ አቤት ባይ የመዝገብ ቁጥር በወረቀት ይሰጠው፤ መዝገቡ ሲዘጋም ምክንያቱ ተጽፎ ይድረሰው። ሰሚ ያጣ ተበዳይ ባሕር ዳር ወዳሉት የሰብዓዊ መብቶች ኮሚሽንና የእንባ ጠባቂ ተቋም ቅርንጫፎች ይሂድ፤ ለጠበቃ የሚከፍለው የሌለውም የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲን ነፃ የሕግ ድጋፍ ይጠይቅ። «መዝገብህ ተዘግቷል» የተባለ ሁሉ ከቢሮው ከመውጣቱ በፊት ውሳኔው በጽሑፍ እንዲሰጠው ይጠይቅ፤ የተቀበለበትንም ቀን ይመዝግብ።