አሜሪካን ከመኪና ያቆራኘው ፍቅር አይደለም

ስለ አሜሪካ ሲወራ አንድ አስተሳሰብ ያለ ጥያቄ ያልፋል፤ አሜሪካዊ መኪና ይወዳል፣ አገሩ ሰፊ ነው፣ ቤንዚኑ ርካሽ ነው፣ ስለዚህ ኑሮው በመኪና ላይ ተመሠረተ። እኛም ይህንኑ ተቀብለን፣ ገና ከአውሮፕላን የወረደውን ዘመዳችንን «እዚህ መኪና እግር ነው፤ መንጃ ፈቃድህን ቶሎ አውጣ» እንለዋለን። ምክሩ ልክ ነው። ከጀርባው ያለው እምነት ግን ስህተት ነው። መኪና የሌለው ሰው የማይኖርበትን ከተማ የፈጠሩት ሕጎችና በጀቶች ናቸው፤ ማን እንዳወጣቸውና መቼ እንደወጡም ይታወቃል።

ከመነሻው እንየው። በ1923 (ዓመታቱና ቀናቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) በኦሃዮ፣ ሲንሲናቲ ከተማ 42 ሺህ ያህል ሰዎች አንድ አቤቱታ ፈረሙ። በየመንገዱ ሰው፣ በተለይም ልጅ፣ እየተገጨ ይሞት ነበርና መኪና ሁሉ በሰዓት ከ25 ማይል በላይ እንዳይሮጥ የሚያግድ መሣሪያ ይገጠምለት አሉ። የመኪና ነጋዴዎችና የባለመኪና ማኅበራት ተባብረው ዘመቱበት፤ ሐሳቡም በድምፅ ወደቀ። ከዚያ ወዲያ ጥፋቱ ከሹፌሩ ወደ እግረኛው ዞረ። በ1925 ሎስ አንጀለስ ካልተፈቀደ ቦታ መንገድ የሚያቋርጥን እግረኛ የሚቀጣ ደንብ አወጣች፤ ሌሎች ከተሞችም ተከተሉ። ልጅ ሲጫወትበት፣ ነጋዴ ሲቆምበት የኖረው መንገድ በአንድ ትውልድ ዕድሜ የመኪና ርስት ሆነ። የሲንሲናቲን ፊርማ ያየ ሰው ስለ ፍቅር እንዴት ይናገራል?

«አሜሪካዊና መኪናው ፍቅረኞች ናቸው» የሚለውን ተረክ በሰፊው ያሰራጨው በ1961 ቀልደኛው ግሩቾ ማርክስ ያቀረበው የቴሌቪዥን ፕሮግራም ነው። ወጪውን የሸፈነው ዱፖንት ኩባንያ ሲሆን፣ ዱፖንት ደግሞ ለረጅም ዘመን ከመኪና ሠሪው ከጄኔራል ሞተርስ አክሲዮን ሩብ የሚጠጋውን ይዞ የኖረ ነው። በዚያው ዓመት በሎስ አንጀለስና አካባቢዋ፣ በደጉ ጊዜው ከ1 ሺህ ማይል በላይ ሐዲድ የነበረው የፓሲፊክ ኤሌክትሪክ ባቡር የመጨረሻ መስመሩ ተዘጋ።

ገንዘቡን የተከተለ ሰው ነገሩን ይበልጥ ይረዳዋል። በሰኔ 1956 ፕሬዚዳንት አይዘንሃወር የፈረሙት ሕግ 41 ሺህ ማይል አውራ ጎዳና እንዲሠራ ሲያዝ፣ ከወጪው 90 በመቶውን የፌዴራሉ መንግሥት ቻለ። ከሕጉ በፊት የጎዳናውን ዕቅድ ለፕሬዚዳንቱ ያቀረበው ኮሚቴ ሊቀ መንበር ጄኔራል ሉሲየስ ክሌይ የጄኔራል ሞተርስ የቦርድ አባል ነበሩ። 10 ዶላር ያዋጣ ክፍለ ግዛት የ100 ዶላር መንገድ ሲያገኝ፣ አውቶቡሱን ወይም ባቡሩን ማደስ የፈለገ ከተማ ግን እንዲህ ያለ እጅ አልተዘረጋለትም። ከ1934 ጀምሮ መንግሥት ለቤት መግዣ ብድር ዋስ መሆን ሲጀምርም ዋስትናውን ለአዳዲሶቹ የነጮች ሰፈሮች ሰጥቶ ጥቁሮች ያሉበትን ነፈገ። ቀጥሎ አውራ ጎዳናው በተነፈጉት ሰፈሮች ላይ አለፈ፤ በዲትሮይት ብላክ ቦተምን፣ በሴንት ፖል ሮንዶን፣ በማያሚ ኦቨርታውንን ቆርጦ። ይህን «የቴክኖሎጂ ዕድገት ያመጣው ነው» ብሎ ማለፍ ወሳኙን ከተጠያቂነት ማዳን ነው።

ጉዳቱ እኛም ቤት ገብቷል። ልጃቸውን ሊያርሱ ከጎንደር ቨርጂኒያ የመጡ እናትን ተመልከቱ። በአገራቸው ማለዳ ነጠላቸውን አጣፍተው ቤተ ክርስቲያን ይስማሉ፤ ሲመለሱ ከጉሊት ሽንኩርት ይገዛሉ፤ ጎረቤት ቡና ጠጥተው ቤታቸው ይገባሉ። እዚህ ግን ልጃቸው ሥራ ስትሄድ በር ተዘግቶባቸው ይውላሉ። ወጣ ቢሉ የእግረኛ መንገዱ ሰፈሩ ጫፍ ላይ ያበቃል፤ ከዚያ ወዲያ ባለ ስድስት መስመር ጎዳና ነው። የሚያደርሳቸው ሰው ካልተገኘ ኪዳን የለም፣ ለቅሶ መድረስም የለም። እንደ እሳቸው ያሉ ብዙዎች «እስር ቤት ነው» ሲሉ ቋንቋ ባለማወቃቸው ወይም በእርጅናቸው እናሳብባለን። ነገር ግን መኖሪያ ባለበት ሱቅ እንዳይከፈት የሚከለክል የዞን ደንብ አለ፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ1926 እንዲህ ያለውን ደንብ ሕጋዊ ነው ብሏል። እኚህን እናት ቤት ያዋላቸው ይኸው ደንብ ነው።

«አገሩ ሰፊ ስለሆነ ነው» የሚለው መልስም አያስኬድም። ወተት ለመግዛት የሚነዳ ሰው የአገሩን ስፋት አያቋርጥም፤ የሚያቋርጠው ደንቡ በቤቱና በሱቁ መካከል ያኖረውን ርቀት ነው።

ከዓለም ሕዝብ ከሃያ አንዱን እንኳ የማይሞላው አሜሪካዊ ከዓለም ነዳጅ ዘይት አንድ አምስተኛ ያህሉን የሚፈጀውም በአብዛኛው በዚሁ ርቀት ምክንያት ነው። በ1973 የዓረብ አገሮች ዘይት ስለከለከሉ መንግሥት በ1974 መጀመሪያ የፍጥነት ወሰኑን ወደ 55 ማይል ዝቅ አደረገ። በ1979 ፕሬዚዳንት ካርተር በኋይት ሐውስ ጣሪያ ላይ በፀሐይ ውኃ የሚያሞቁ ሰሌዳዎችን አስተከሉ፤ በ1986፣ በሬገን ዘመን፣ ወረዱ። ሕዝቡ ቆጥብ ተባለ፤ ሱቁ፣ ትምህርት ቤቱና መሥሪያ ቤቱ ግን ባሉበት ርቀት ቀሩ። ዛሬም ከቤት ወጪ ቀጥሎ የአሜሪካ ቤተሰብ ትልቁ ወጪ መጓጓዣ ነው። ቤንዚን በተወደደ ቁጥር ሁለት ሥራ የሚሠራው ሰው ከምግቡ ቀንሶ ይከፍላል።

ሌላ መንገድ እንደነበረ የምታስረዳው ዋሽንግተን ናት። በ1960ዎቹ ከተማዋን የሚሰነጣጥቁ አውራ ጎዳናዎች ታቅደው፣ ብሩክላንድ በተባለው ሰፈሯ መንግሥት ቤት መውሰድ ጀምሮ ነበር። እንደ ሬጂናልድ ቡከርና ሳሚ አቦት ያሉ ሰዎች የመሯቸው ጥቁርና ነጭ ነዋሪዎች በአደባባይም በፍርድ ቤትም ተሟገቱ። አብዛኛው ዕቅድ ተሰረዘ፤ ከገንዘቡም ከፊሉ ለሜትሮ ባቡር ዋለ። ሜትሮ መጋቢት 27 ቀን 1976 ሥራ ጀመረ። ዛሬ ቀዩ መስመር ብሩክላንድ ይቆማል፣ ታኮማ ይቆማል፣ ሲልቨር ስፕሪንግም ይቆማል፤ እዚያ የወረደ ሰው በእግሩ ሄዶ እንጀራ ይበላል። ሕዝቡ ያው የአሜሪካ ሕዝብ ነው፤ መኪናውም ያው መኪና ነው።

በሜሪላንድና በቨርጂኒያ የምትኖሩ፣ ዜግነት ወስዳችሁ ድምፅ የምትሰጡ ወገኖቼ፣ የዞን ደንቡ፣ የአውቶቡሱ መስመርና የእግረኛ መንገዱ በአብዛኛው የሚወሰኑት በየካውንቲያችሁ ምክር ቤት ነው። ጉዳዩ የሚደመጥበት ስብሰባ ለሕዝብ ክፍት ነው። ሄዳችሁ ተናገሩ፤ እናቶቻችሁንም ይዛችሁ ሂዱ።