ውሳኔው ልክ ነበር

ይኸው እስከ ዛሬ «ፔት ካሮል ኳሷን አስለግቶ ቢሆን ኖሮ» የሚል አይጠፋም። እኔ አልስማማም።

የኛን እግር ኳስ ብቻ ለምታውቁ ተማሪዎቼ፦ በአሜሪካኖቹ ፉትቦል 10 ያርድ ለመግፋት 4 ሙከራ አለህ። ካልሞላልህ ኳሷ ለተጋጣሚ ናት። ስለዚህ ብዙዎቹ በአራተኛው አርቀው ይለጓታል።

ጃንዋሪ 4 ቀን 2006 እ.ኤ.አ.፣ ፓሳዲና፣ የኮሌጆች የዋንጫ ጨዋታ። ዩኤስሲ 34 ጨዋታ በተከታታይ አሸንፎ መጥቷል። ቴክሳስን 38 ለ 33 እየመራ ሁለት ደቂቃ ከምናምን ቀርቶታል። የጎደለው 2 ያርድ ብቻ! ካሮል አላስለጋም፤ ሌንዴል ዋይት ይዟት ገባ፣ ያዙት። ከዚያ ቪንስ ያንግ 19 ሰከንድ ሲቀር፣ እሱም በአራተኛ ሙከራ፣ ራሱ ሮጦ አስቆጠረ። 41 ለ 38 አለቀ።

ቢለጓትስ? ያንግ እኮ በዚያ ምሽት በሩጫ 200፣ በውርወራ 267 ያርድ ያስመዘገበ ሰውዬ ነው። ትንሽ ራቅ ስላደረጉት የሚቆም ይመስላችኋል? ለሱ ኳስ ከመስጠት 2 ያርድ መሞከር በስንት ጣዕሙ!

እኔን የሚያንገበግበኝ ሌላ ነው። የዓመቱ ምርጥ ተጫዋች የተባለው ሬጂ ቡሽ ያን ሰዓት ሜዳ ውስጥ አልነበረም። ኳሷን ባይሰጡት እንኳ ተከላካይ ይዞላቸው ይሄድ ነበር እኮ! ዳር ቆሞ ምን ይሠራል?